ረጅሙን ነው ወይስ አጭሩን?

ርዝመትን በተመለከተ የሰው ልጅ ጠባይ ግራ ያጋባል። ስብከት ሲረዝምበት ያዛጋል፤ ዕድሜ ይርዘምልህ ሲሉት ግን አሜን ይላል። የሙግት ቀጠሮ ሲረዝም ዳኛውን ያማል፤ የወዳጁ ጨዋታ ሲረዝም ደግሞ ባርኔጣውን ያነሣውን እንግዳ እጁን ይዞ «ገና ምኑን ተጫወትነውና» እያለ መልሶ ያስቀምጠዋል። ስለዚህ አንድ ነገር ረዘመብኝ ብሎ የሚያማርር ሰው ሲገጥማችሁ ቶሎ አትመኑት። መጀመሪያ ነገሩን ይወደው እንደ ሆነ ጠይቁት።

ይህን የምላችሁ በቅኔ ማሕሌት ቆሜ ያረጀሁ ሰው ነኝ። እኛ ዘንድ ርዝመት ነውር ሆኖ አያውቅም። በንባብ ቢሉት አንድ ትንፋሽ የማይሞላ የግዕዝ ቃል፣ ወደ ማሕሌት ሲገባ በመጀመሪያ በቁም ዜማ ይባላል፤ ሁሉም ቀጥ ብሎ፣ ከበሮው ተቀምጦ። ከዚያ በዝማሜ ይደገማል፤ መቋሚያው እንደ ሐይቅ ዳር ሸንበቆ ወዲህና ወዲያ ዘንበል ቀና ይላል። ቀጥሎ ጸናጽሉና ከበሮው ገብተው በመረግድ ይነሣል። በመጨረሻ ጽፋቱ ሲመጣ ምቱ ይፈጥናል፣ ጭብጨባው ይጋጋላል፣ በቁሙ ጊዜ ምሰሶ ተደግፎ ሲያንቀላፋ የነበረው ሽማግሌ ሳይቀር ከመካከል ገብቶ ይገኛል። ቃሉ ያው የመጀመሪያው ቃል ነው፤ አንዲት ፊደል አልተጨመረችበትም። የተጨመረው ሰው ነው።

እንግዲህ ይህን ሁሉ እያወቅሁ ነው ከጎረቤቴ ከከድር ጋር የተጣላሁት።

ጊዜው የደርግ ዘመን ነው፤ አዋሳ ብስክሌቷ ከመኪናዋ የሚበዛበት ጊዜ። የእኔ ቤት አዲስ ከተማ በሚባለው ሰፈር ነበር፤ የከድር ካሴት ቤትም ከግቢዬ ጋር አንድ ግድግዳ ይጋራል። አባቱ ከስልጤ አገር መጥተው በዚያችው ቤት ጨርቅ ሲለኩ ኖረዋል፤ ልጁ መደርደሪያውን ሳይነቅል ጨርቁን አንሥቶ ካሴት ደረደረበት። ቀልድ የማያልቅበት፣ ለሽማግሌ ቆሞ ወንበር የሚለቅ፣ ወንበሩን ከለቀቀ በኋላ ግን በተቀመጠው ሽማግሌ ላይ ከመቀለድ የማይመለስ ሰው ነው። በረንዳው ላይ ትልቅ ድምፅ ማጉያ አቁሞ የፈረንጅ ዘፈን ያሰማል።

ከካሴቶቹ መካከል በቀይ ስክሪብቶ «ረጅሙ» ተብሎ የተጻፈባቸው ነበሩ። ወጣቱ ሁሉ የሚሻማው በእነዚያ ነው። ከድር እንዳስረዳኝ ፈረንጆቹ አንዱን ዘፈን ሁለት ጊዜ ይሠሩታል፤ አጭሩን ለሬዲዮ፣ ረጅሙን ለጭፈራ ቤት። ረጅሙ በትልቅ ሸክላ ታትሞ፣ በአውሮፕላን በሚመላለስ ሰው ሻንጣ አዲስ አበባ ይገባል፤ ከዚያ ከካሴት ወደ ካሴት እየተገለበጠ አዋሳ ይደርሳል። ረጅም ያልተሠራለት ዘፈን ሲያጋጥመው ደግሞ ከድር ራሱ ሁለት ቴፕ ጎን ለጎን አስቀምጦ፣ ከበሮ ከበሮውን ደጋግሞ እየቀጠለ ያስረዝመዋል። «አባቴ ያጠረ ቀሚስ በቅጥያ ሲያስረዝሙ አይቼ ነው ያደግሁት» ይላል።

እኔ በግቢዬ ባለች ዛፍ ሥር ደቀ መዛሙርት አስተምራለሁ። በአንድ ከሰዓት በኋላ ለጥቂት ጊዜ ወደ ቤት ገብቼ ስመለስ፣ ተማሪዎቼ የሰጠኋቸውን ዝማሜ በከድር ከበሮ ያስኬዱታል። መቋሚያው ሁሉ በአንድነት ዘንበል፣ በአንድነት ቀና። ይባስ ብሎ ምቱን አልሳቱም። ነጠላዬን አጣፍቼ ወደ ካሴት ቤቱ ተሻገርሁ። ከድር ቆሞ ወንበር ለቀቀልኝ።

«ይህ ሰውዬ የሚለው ምንድን ነው?» አልሁት ድምፅ ማጉያውን በመቋሚያዬ እያመለከትሁ።

«እወድሻለሁ ነው የሚለው፣ የኔታ።»

«እወድሻለሁ ለማለት ይህን ያህል ጊዜ ይፈጃል?»

ከድር ጠጋ ብሎ በዝቅታ መለሰልኝ። «እርስዎ ቤት የሚመላለሰው መምህር ሁለት ዓመት ፈጅቶበት የለ? ይኼስ ካሴቱ ከመገልበጡ በፊት ይጨርሳል።»

ከመምህር ጋር ሲከራከሩ እንዲህ በአንድ ቃል መርታት በእኛ ጉባኤ ቤት ያስመሰግናል፤ በጎረቤት ላይ ሲሆን ግን ያስቀይማል። ድምፁን ካልቀነስህ እንጣላለን ብዬው ወጣሁ። ድምፁን ቀነሰ፤ እኔ ግን ተቀይሜ ቆየሁ።

መምህር ፈለቀ ማለት የከተማው ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት የጂኦግራፊ መምህር ነው። ሁለት ዓመት ሙሉ በሳምንት ሁለት ቀን ግዕዝ ለመማር እኔ ቤት ተመላልሷል። በዚያ ዘመን ለመንግሥት መምህር ይህ ቀላል ነገር አልነበረም፤ በመሥሪያ ቤቱ የውይይት ክበብ ምነው ምን ሆነህ ብለው ሲጠይቁት፣ ያለፈውን ሥርዓት ጠንቅቆ ለማወቅ ነው ብሎ አመለጠ። እውነተኛው ምክንያት የወንድሜ ልጅ ትርሲት ናት። ይህን እኔ አውቃለሁ፣ ከድር ያውቃል፣ የሰፈሩ ውሻ ያውቃል። ትርሲትም ታውቃለች። ግስ ሲያወርድ «ቀተለ» ብሎ ጀምሮ እስከ መጨረሻው እንደ ፈረስ ይጋልባል፤ «አፍቀረ» ላይ ሲደርስ ግን ትርሲት በበሩ ካለፈች ድምፁ ሰልሎ እኔ እቀጥልለታለሁ። ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል ይባላል። የመምህር ፈለቀ እንቁላል በሁለት ዓመት ገና አንድ እግር አላወጣም።

ትርሲት ከሕፃንነቷ ጀምሮ በእኔ ቤት ያደገች ናት። ባለቤቴ ካረፈች በኋላ ደግሞ ቤቱን ቤት ያደረገችው እርሷ ናት። የስልክ ኦፕሬተር ነበረች። የዚያን ጊዜ ስልክ ታስታውሱ እንደ ሆነ፣ ከአገር አገር ለመነጋገር ስልክ ቤት ሄዶ ተራ መጠበቅ ነው፤ ተራው ደርሶ ሰላምታው ሳያልቅ «ሦስት ደቂቃ ሞልቷል፤ ይቀጥላሉ?» የሚል የሴት ድምፅ ጣልቃ ይገባል። በአዋሳ ያ ድምፅ የትርሲት ነበር። ቀኑን ሙሉ የሰውን ፍቅርና ለቅሶ በሦስት በሦስት ደቂቃ ስትቆርጥ ውላ ማታ ከከድር «ረጅሙን» ተውሳ ትመጣለች። አባባ፣ አንድ ነገር እንኳ ሳይቋረጥ ልስማ፣ ትለኛለች። ይህን ስትለኝ ቁጣዬ ይበርዳል።

አንባብያን ሆይ፣ ታዲያ አንተ ምን ቆመህ ታያለህ፣ ለምን አትናገርላቸውም ትሉኝ ይሆናል። የሴት ወገን አፉን አይከፍትማ! ልጄን ውሰድልኝ የሚል የሚመስል ቃል ከአሳዳጊዋ አፍ ከወጣ ውርደቱ ለእርሷ ነው። ሰውየው ሽማግሌ ይላክ፤ እኔ ደግሞ ልኮራበት። ሥርዓቱ ይህ ነው። መምህር ፈለቀ ግን በልጅቱ ልብ ያለውን ሳላውቅ ሽማግሌ ልኬ እምቢ ብባል ግዕዙም ይቀርብኛል ብሎ ይፈራል። እንዲህ እያለ ሁለት ዓመት አለፈ።

ሁለቱ ዓመት በሞላ በጥር ወር መምህር ፈለቀ ፊቱ ጠቁሮ መጣ። ወደ ምዕራብ፣ አዲስ ለተቋቋመ የሠፈራ ጣቢያ ትምህርት ቤት ተመድቧል። ስልክ ያልገባበት፣ ደብዳቤም መንገዱን የሚስትበት አገር ነው። ሰኞ ጠዋት በአውቶቡስ ይነሣል። ይህን የነገረኝ ሐሙስ ነው። ትርሲት ውኃ አቅርባ ስትመለስ ሰምታዋለች። ማሰሮው ከእጇ አልወደቀም፤ እንዲህ ዓይነት ነገር የሚሆነው በተረት ነው። ነገር ግን ያን ቀን ማታ ካሴት ሳትከፍት ተቀመጠች።

የቀረው ቅዳሜ ነበር። ቅዳሜ የጎረቤታችን የአናጺው ልጅ ሠርግ ነው። በሰዓት እላፊው ምክንያት ሠርግ ሁሉ በቀን ስለሚያልቅ ከምሳ ጀምሮ በቀበሌው አዳራሽ ተሰበሰብን። ያ አዳራሽ ብዙ ርዝመት የቻለ አዳራሽ ነው። የዚያ ዘመን ስብሰባ እኮ፣ በከድር አነጋገር፣ ከበሮው የወጣለት «ረጅሙ» ነበር። በዚያ ቀን ግን መፈክሩ በሠርግ ጨርቅ ተሸፍኖ፣ የሰብሳቢው ጠረጴዛ ላይ የከድር ቴፕ ተቀምጧል።

ማዕዱን ባርኬ ከሽማግሎች ጋር ግድግዳውን ይዤ ተቀመጥሁ። እንደ ልማዴ ከበላሁ በኋላ መሄድ ነበረብኝ። አልሄድሁም። ትርሲት በመስኮቱ በኩል ከሥራ ጓደኞቿ ጋር ተቀምጣለች፤ መምህር ፈለቀ ከማዶ ከመምህራኑ ጋር። በመካከላቸው የጭፈራው ሜዳ እንደ ቀይ ባሕር ተዘርግቷል። የጎደለው ሙሴ ነው።

አንድ ዘፈን ተጀመረ። መምህር ፈለቀ ኮቱን ቆለፈ። ጎሮሮውን ጠረገ። ብድግ አለ። ዘፈኑ አለቀ፤ ተቀመጠ። ሌላ ተጀመረ። አሁን ሳይቆልፍ ስለተነሣ እስከ ምሰሶው ደረሰ፤ ዘፈኑ አለቀ። ሜዳው ባዶ ሆኖ እርሱ ብቻ ከምሰሶው ጋር ሲቀር፣ ውኃ ልጠጣ የመጣሁ ነኝ በሚል አኳኋን ወደ እንስራው አመራ። ሦስተኛው ላይ እንደገና ውኃ። ያን ቀን መምህር ፈለቀ የጠጣውን ውኃ ግመል አይችለውም።

ያን ጊዜ ነው የገባኝ። አጭር ዘፈን ለደፋር የተሠራ ነው። ደፋሩ ከመጀመሪያው ምት ጋር ሜዳ ላይ ይገኛል፤ ዓይነ አፋሩ ግን ኮቱን እስኪቆልፍ፣ ልቡን እስኪያረጋጋ፣ ማን ያየኛል ማን አያየኝም ብሎ ዙሪያውን እስኪቃኝ ድረስ ዘፈኑ ያልቅበታል። ለእርሱ ዓይነቱ ሰው ከመግቢያው ፊት ሰፊ ደጀ ሰላም ያስፈልገዋል። ፈረንጆቹ ከበሮውን ብቻውን ያን ያህል የሚያቆዩት ለዚህ ኖሯል! በማሕሌት ስንት ዓመት የማውቀውን ነገር በድምፅ ማጉያ ሲመጣብኝ ሳላውቀው ቀረሁ።

መቋሚያዬን ይዤ ተነሣሁና ሜዳውን አቋርጬ ወደ ከድር ሄድሁ። ጨፋሪዎቹ መንገድ ለቀቁልኝ። የኔታ ሊያወግዙ ተነሡ ብለው ነው። ከድር ገና ስቀርብ ድምፁን መቀነስ ጀመረ።

«ረጅሙን ይዘሃል?» አልሁት።

«የቱን ረጅም፣ የኔታ?»

«ያጣላንን።»

ከድር ዓይኔን ተከትሎ ወደ እንስራው አየ። መምህር ፈለቀ ኩባያ ይዞ ቆሟል። ከዚያ ወደ መስኮቱ አየ። በሕይወቱ ለመጀመሪያ ጊዜ ሳይቀልድ ካሴቱን ከኪሱ አወጣ፤ ከኪሱ!

ተጀመረ። በመጀመሪያ ከበሮ ብቻ ነው፤ የሰውም የክራርም ድምፅ የለበትም። ደፋሮቹ ገቡ። ከዚያ ወፈር ያለ የጊታር ክር ገባ፤ ልከኞቹ ተነሡ። ዘፋኙ መጣና አንዲት ቃል ብሎ ሄደ፤ ከበሮው ግን ቀጠለ። ሴቶቹ ገቡ፣ ሙሽራውና ሙሽሪት ገቡ፣ ከጎኔ ተቀምጠው የነበሩት ሽማግሌ በጉልበታቸው ላይ ጣታቸውን መምታት ጀመሩ። መምህር ፈለቀ ኩባያውን እንደያዘ ምሰሶው ጋር ደረሰ። ምሰሶውን አለፈ። የሜዳው መካከል ላይ ደረሰ። ያን ጊዜ አንድ የቀድሞ ተማሪው «ቲቸር!» ብሎ አቅፎ ሳመውና ስለ ፈተና ውጤት ይነግረው ጀመር። መምህር ፈለቀ ራሱን እየነቀነቀ አዳመጠ፤ እየነቀነቀም ወደ ኋላው አፈገፈገ፤ እያፈገፈገም ከእንስራው ዘንድ ተመልሶ ተገኘ። ዘፈኑ አሁንም አላለቀም። እኔ ግን አለቅሁ። ከድር ካሴቱን አየ፣ እኔን አየ፤ እንግዲህ ከዚህ በላይ የሚረዝም የለኝም ማለቱ ነው።

ትርሲት ተነሣች።

በሜዳው ዙሪያ አልዞረችም፤ በጨፋሪዎቹ መካከል፣ ወደ ሥራ ገበታዋ እንደምትሄድ ሠራተኛ ቀጥ ብላ ተሻገረች። ያለችውን የሰማው ለቴፑ ቅርብ የነበረው ከድር ነው፤ እርሱ ከሰማ ደግሞ ከተማው ሁሉ ሰማ። በዚያች ሰው ሁሉ በሚያውቃት የስልክ ቤት ድምፅ፣

«መምህር፣ ይህም ዘፈን ቢሆን ያልቃል» አለችው። «ደቂቃ ይጨመርልዎ ወይስ መስመሩን ልዝጋው?»

መምህር ፈለቀ ኩባያውን ጠረጴዛ ላይ ያስቀመጠ መስሎት አየር ላይ ለቀቀው።

«ይጨመርልኝ» አለ።

ወደ ሜዳው ገቡ። መምህር ፈለቀ ሲጨፍር የአገር ወሰን የሚያሰምር ይመስላል፤ እግሩን ወደ ሰሜን ያወጣና አስቦበት ይመልሰዋል። እርሷ ሳቀች። ጽፋቱ ሲደርስ ሁለቱም ከመካከል ነበሩ። የተባባሉትን አላውቅም። ዘፈኑ ካለቀ በኋላም ግን እዚያው ቆመው ያወሩ ነበርና ጨፋሪው ሁሉ እየዞራቸው ወደ መቀመጫው ሄደ።

እኔ ርዝመት ለዓይነ አፋሩ ድፍረት ይሰጣል ብዬ ነበር የተነሣሁት። ለካስ የታጋሿን ትዕግሥት ነው የሚጨርሰው። መቼም ከደረሱ በኋላ በየትኛው መንገድ መጣችሁ ብሎ የሚጠይቅ የለም።

እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ሦስት ሽማግሎች በሬ ላይ ቆሙ። አንዱ የትምህርት ቤቱ ዲሬክተር፣ አንዱ የሠርጉ ባለቤት አናጺው፣ ሦስተኛው ነጭ ጋቢ የለበሰ ከድር ነው። ከድርን በጋቢ አይቼው አላውቅም፤ ፊቱን ደግሞ እንደ ቀብር አስተዛዝኖታል። ተቀመጡ ብላቸው አንቀመጥም፣ ጉዳይ አለን አሉ፤ ሥርዓቱ ነው። ጉዳያቸውን ተናገሩ። ሥርዓቱ ቀጥሎ የሚያዘው ለእኔ ነው። ሴት ልጅ በአንድ ቀን አትሰጥም። ዘመድ ልጠይቅ ይባላል፤ ቀጠሮ ይሰጣል፤ ሲመለሱ ገና አልመከርንም ይባላል፤ ይመላለሳሉ፣ ደጅ ይጠናሉ።

እኔም ጀመርሁ። ዘመዶቿ ጎጃም እንዳሉ፣ ለእነርሱ ደብዳቤ መጻፍ እንደሚገባ፣ መልሱ እስኪመጣ ድረስ ምንም ለማለት እንደማልችል፣ የዘሯን ነገር ከአያት ከቅድመ አያት አንሥቼ በዝርዝር ማስረዳት ያዝሁ። ልጁ ነገ ጠዋት እንደሚሄድ ረስቼው አይደለም። እውነቱን ለመናገር፣ ያንን ያህል ያስረዘምሁት ለወጉ ብቻ አልነበረም። ከበስተኋላዬ ያለው ቤት ያለ እርሷ ምን ያህል ሰፊ እንደሚሆን ቆሜ ሳስብ ቃሉ ከአፌ አላልቅ አለ። የሚወዱት ነገር ሊያልቅ ሲል ሰው ሁሉ ሁለት ቴፕ ጎን ለጎን ያስቀምጣል።

ከጓዳ፣ ከመጋረጃው በስተጀርባ፣ ዝግ ያለ ድምፅ መጣ።

«አባባ፣ አጭሩን።»

ዲሬክተሩ ያልሰማ መሰለ። አናጺው ጣሪያዬን መመርመር ጀመረ። ከድር አንገቱን ደፋ፤ ጋቢው ከትከሻው ላይ ይንቀጠቀጣል።

«ሰጥቻለሁ» አልሁ። በዕድሜዬ ከተናገርሁት ሁሉ አጭሩ ይህ ይመስለኛል።

መምህር ፈለቀ ሰኞ ሄዶ ከፋሲካ በኋላ ለሠርጉ ተመለሰ። ግዕዙን ጨርሼ እማራለሁ ብሎ ምሎልኝ ነበር፤ እኔም እንደማይማር አውቄ መረቅሁት። ሙሽሪት ከቤት የምትወጣበት ሰዓት ደረሰ። መኪናው ከበር ላይ ቆሟል፤ እርሷ ጉልበቴን ስማ ተነሥታለች። ከድር ከበረንዳው ብቅ ብሎ ሁለት ካሴት በሁለት እጁ ያዘና ከፍ አድርጎ አሳየኝ።

«የኔታ፣ ረጅሙን ነው ወይስ አጭሩን?»

«ረጅሙን» አልሁት።

ከበሮው ብቻውን ጀመረ። ዘፋኙ ገና ቃሉን ሳይጀምር መኪናው ተነሥቶ ወደ ሐይቁ መንገድ ታጠፈ፤ እጅ ሲወዛወዝ ይታየኛል። አቧራው ተቀመጠ። ሰዉም ወደ ዳሱ ገባ። እኔ ከካሴት ቤቱ ደጃፍ፣ ከድር በለቀቀልኝ ወንበር ላይ ተቀምጬ እስከ መጨረሻው አዳመጥሁት። ግድግዳ ሳይከልለው ስሰማው እንዲያውም መልካም ነው።

ዘፈኑ አለቀ። ከድር ማንም ሳያዝዘው ካሴቱን አጠንጥኖ ከመጀመሪያው ከፈተው።